በብስክሌት ወደ ጢስ ዓባይ፣ ወደ ቤዛዊትና ወደ ዘጌ፦ የባሕር ዳር አስጎብኚዎች ጉዞ ሲመዘን

ባሕር ዳር ላይ «የገጠር የብስክሌት ጉብኝት» ተብሎ የሚሸጠው በጥቅሉ ሦስት ዓይነት ነው። አንዱ ዓባይን ተሻግሮ ቤዛዊት ኮረብታ ደርሶ የሚመለሰው የግማሽ ቀን ጉዞ ነው። ሁለተኛው ወደ ጢስ ዓባይ ፏፏቴ የሚወስደው፣ መሄጃው ብቻ 30 ኪሎ ሜትር ገደማ የሆነው የሙሉ ቀን ጉዞ ነው። ሦስተኛው ብስክሌትና ጀልባ አንድ ላይ የሚይዘው፣ ወደ ጣና ሐይቅ ልሳነ ምድር ወደ ዘጌ የሚደረገው ጉዞ ነው። ከሦስቱ የተከፈለበትን የሚክሰው የጢስ ዓባዩ ነው። እሱም ቢሆን በማለዳ ተነስተው በመኪና ሲመለሱ ብቻ።

ደርሶ መልሱን በብስክሌት የሚያስማማችሁ አስጎብኚ ቢያጋጥማችሁ አትስማሙ። ዓባይ ከጣና ወጥቶ እየወረደ ነው የሚሄደው፤ እናንተም ስትሄዱ አብራችሁት ትወርዳላችሁ። ቁልቁለቱ ለዓይን አይታይም፣ እግር ብቻ ነው የሚያውቀው፤ ስለዚህ ጀማሪው ሁሉ ጉልበት ያለው ይመስለዋል። ሲመለሱ ያው መንገድ ዳገት ይሆናል። በዚያ ላይ የከሰዓቱ ፀሐይ አለ፣ ከሐይቁ በኩል የሚነሳውም ነፋስ ፊት ለፊት ይመጣል። ሰው የሚዝለው፣ ራስ ምታት የሚይዘው፣ ከብስክሌት የሚወድቀውም በዚህ በመልሱ ነው። ብስክሌቶቹን ጭኖ የሚመልስ ፒክአፕ ወይም ሚኒባስ ዋጋው ውስጥ መካተቱን ከመነሳታችሁ በፊት ጠይቁ። «እዚያው እናገኛለን» የሚባለው መልስ አይበቃም፤ አምስት ብስክሌት ጣሪያው ላይ የሚያስር የሕዝብ ሚኒባስ ከጢስ ዓባይ በፈለጉት ሰዓት አይገኝም።

ጥሩው ሰዓት እንዲህ ነው፦ ከሆቴል ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተኩል ላይ መነሳት፣ የአንድ ሰዓት የመንደር ቆይታ ተጨምሮበት 4 ሰዓት አካባቢ ጢስ ዓባይ መድረስ፣ ሁለት ሰዓት ለፏፏቴው፣ ከዚያ ምሳ፣ 8 ሰዓት ላይ መኪና። በሰዓት 12 ኪሎ ሜትር ገደማ መሄድ ለዚህ ይበቃል፤ ከዚያ በላይ የሚያስሮጥ አስጎብኚ መንደሩን እየዘለለ ነው ማለት ነው። ቅዳሜ ግን ከከተማዋ መውጫ ያለው መንገድ በገበያተኛና በአህያ ስለሚሞላ ግማሽ ሰዓት መቅደም ይሻላል።

ወደ ቤዛዊት ለሚሻገር ሰው አዲሱ የዓባይ ድልድይ ሥራውን አቅልሎታል። 380 ሜትር የሚረዝመው ይህ ድልድይ በግንቦት 2016 ዓ.ም. ተመርቆ ሲከፈት ለብስክሌትና ለእግረኛም ቦታ ስለተተወለት በድሮው ድልድይ ላይ ከጭነት መኪና ጋር የነበረው መጋፋት ቀርቷል።

የጢስ ዓባዩን ጉዞ ጥሩ ወይም መጥፎ የሚያደርገው አስጎብኚው ከዋናው መንገድ መቼ እንደሚወጣ ማወቁ ነው። ዋናውን መንገድ ይዞ የሚሄድ ሰው የሚያየው የመኪና አቧራ ነው። የእግር መንገዱን የሚያውቅ ግን በዳጉሳና በጤፍ ማሳ ጠርዝ፣ በማንጎና በጌሾ ጓሮ መሐል ይወስዳችኋል። መስከረምና ጥቅምት ከሆነ ኑጉ ቢጫ አብቦ፣ ፏፏቴውም ሞልቶ ታገኙታላችሁ። ከኅዳር እስከ ጥር ደግሞ አጨዳና ውቂያ ነው። አውድማው በእበት ተለቅልቆ የተዘጋጀ ንጹሕ መሬት ነው፤ በሬዎቹ እየዞሩ ይረግጡታል፣ ገበሬው በመንሽ ወደ ነፋስ ይበትናል፣ ገለባው አንድ ወገን ሲሄድ ፍሬው ከእግሩ ሥር ይወርዳል። ይህን ቆሞ ማየት ብቻውን ጉዞውን ይክሳል። ብስክሌት ግን አውድማው ላይ አይወጣም። ጎማው ልቅልቁን ይሰነጥቀዋል፣ ጠጠርም ከእህሉ ጋር ይቀላቀላል። ይህን አስቀድሞ ያልተናገረ አስጎብኚ አገሩን አያውቅም።

ብዙዎች የማያስቡት የበዓል ቀን ነው። እሑድ ወይም በ12 ሚካኤል፣ በ19 ገብርኤል፣ በ21 ማርያም ብትሄዱ ገበሬው በሬ አይጠምድም፤ እርሻ ለማየት የሄደ ሰው ባዶ ማሳ አይቶ ይመለሳል። በአንጻሩ ቤት ገብቶ ቡና ለመጠጣት ከበዓል ቀን የተሻለ የለም፣ ሰው ሁሉ ቤቱ ነው። የምትፈልጉትን ነግራችሁ ቀኑን ከአስጎብኚው ጋር በሀበሻ አቆጣጠር ቁጠሩ።

ስለ ቡናው አንድ ቅሬታ አለ፣ በብዙዎቹ ጉዞዎች ላይ የሚታይ ነው። በመርሐ ግብሩ ላይ «የቡና ሥነ ሥርዓት፣ 20 ደቂቃ» ተብሎ ይጻፋል። ቡና በ20 ደቂቃ አይጠጣም። ተቆልቶ፣ ተወቅጦ፣ አቦል፣ ቶና፣ በረካ ተብሎ እስኪያልቅ ከአንድ ሰዓት በታች አይፈጅም። በአቦል ላይ ተነስቶ የሚሄድ እንግዳ የቤቱን እመቤት ያሳዝናታል፤ እሷ ጎረቤት ጠርታለች፣ ቄጠማ ጎዝጉዛለች። ጊዜ ከሌለ ቡናውን ትቶ ደጅ ላይ ሰላም ብሎ ማለፍ ይሻላል። ክፍያውንም አስጎብኚው ለእመቤቲቱ በእጇ ሲሰጥ ማየት አለባችሁ እንጂ «በኋላ እንተሳሰባለን» ሲባል መስማት የለባችሁም። ለልጆች ብርና እስክሪብቶ በመንገድ ላይ ማደል ደግሞ ከብስክሌት ኋላ የሚሮጥ ልጅ ያበዛል፤ አንዱ ጎማ ውስጥ እግሩን ካስገባ ጉዳቱ የከፋ ነው።

ውሾችም አሉ። የገጠር ውሻ የሚሮጥ ነገር ያባርራል፣ የቆመ ነገር አይነክስም ማለት ይቻላል። ሲመጣ ውረዱ፣ ብስክሌቱን በእናንተና በውሻው መሐል አድርጉና በእግር ሂዱ። ከብት ሲነዳም እንዲሁ ነው፤ ደወል እየደወሉ መሐሉን መሰንጠቅ ላሚቱን ወደ ማሳ ያስገባታል፣ የእረኛውም ጠብ ይከተላል።

አሁን ወደ ብስክሌቱ እንምጣ፣ ምክንያቱም ብዙው ጉዞ የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው። የሚከራዩት አብዛኞቹ ባለ 26 ኢንች የተራራ ብስክሌቶች ናቸው። ከመነሳታችሁ በፊት አሥር ደቂቃ ስጡት። የፊት ፍሬኑን ጨብጣችሁ ብስክሌቱን ወደፊት ግፉት፤ የኋላው ጎማ ከመሬት መነሳት አለበት። የፍሬኑ እጀታ መሪውን እስኪነካ ከገባ ገመዱ ላልቷል፣ ይጠበቅ። ጎማውን አንስታችሁ አዙሩት፤ ቸርኬው ግራና ቀኝ እየተወላገደ የፍሬኑን ጎማ የሚነካ ከሆነ ሌላ ብስክሌት ጠይቁ። መቀመጫው ላይ ተቀምጣችሁ ተረከዛችሁን ታች ባለው ፔዳል ላይ ስታደርጉ ጉልበታችሁ ቀጥ ማለት አለበት። ዝቅ ያለ መቀመጫ በ30 ኪሎ ሜትር ጉልበት ያሳምማል፤ አከራዮች ደግሞ ለሁሉም ዝቅ አድርገው ነው የሚሰጡት። ሄልሜት ከሌለ አትነሱ።

የጎማው ነፋስ ለአስፋልት 45 ፒኤስአይ (በመንፊያው ላይ የሚነበበው የግፊት መለኪያ) ገደማ ይሆናል፤ ለእግር መንገድና ለኮረኮንች ወደ 35 ዝቅ ማለት አለበት። ጠንክሮ የተነፋ ጎማ በጠጠር ላይ ይዘላል፣ እጅ ያደነዝዛል። ከ30 በታች ከወረደ ደግሞ ድንጋይ ሲመታ የውስጡ ጎማ ቸርኬው ላይ ተቆንጥጦ በሁለት ቦታ ይበሳል።

ከጥቅምት በኋላ ዋናው ጠላት እሾህ ነው። ገበሬው ማሳውን በግራር እሾህ ስለሚያጥር ቅርንጫፉ አጥሩ አጠገብ ባለው መንገድ ላይ ይወድቃል። ጎማ ሲበሳ አዲስ የውስጥ ጎማ ገጥሞ መሄድ ብቻ አይበቃም። መጀመሪያ የውጭውን ጎማ ውስጡን በጨርቅ ዙሪያውን መጥረግ ነው፤ የተሰበረ የእሾህ ጫፍ ካለ ጨርቁን ይይዘዋል። ይህ ስለማይደረግ ነው አንድ ጎማ በአንድ ሰዓት ውስጥ ሁለት ጊዜ የሚበሳው። መጠገን ካስፈለገ ቀዳዳውን ዙሪያ በብርጭቆ ወረቀት መፈግፈግ፣ ማስቲሹን በስሱ መቀባት፣ ከዚያ በእጅ ሲነካ እስከማይጣበቅ፣ አምስት ደቂቃ ያህል መጠበቅ ነው። ገና እርጥብ እያለ የተለጠፈ ልጥፍ ነፋስ ሲሞላ ይነሳል። አስጎብኚው ሁለት የውስጥ ጎማ፣ መንፊያ፣ ማስቲሽና የብስክሌት ቁልፎች መያዙን በዓይናችሁ እዩ። ሰዉ ከአራት ከበለጠ ከኋላ የሚጠብቅ ሁለተኛ ሰው ያስፈልጋል፣ መሣሪያውም እሱ ዘንድ ይሁን፤ ጎማ የሚበሳበት ሰው ሁልጊዜ ኋላ ይቀራልና።

ክረምት ላይ ከሰኔ እስከ ነሐሴ ባሉት ወራት ወደ ማሳ መግባቱን ተዉት። ጥቁሩ የዋልካ አፈር ሲረጥብ ጎማ ላይ እንደ ሊጥ ይጣበቃል። መጀመሪያ ጎማው ይወፍራል፣ ቀጥሎ ጭቃው በሹካውና በፍሬኑ መሐል ይጠቀጠቃል፣ ጥቂት ሜትር ሳይሄድ ቸርኬው መዞር ያቆማል። በዚህ ጊዜ ፔዳሉን በኃይል የረገጠ ሰው ካቴናውን ይበጥሳል ወይም ማርሽ ቀያሪውን ያጣምማል። ወርዶ በእንጨት መፋቅ ነው መድኃኒቱ። ውሃ ማፍሰስ ጭቃውን አቅጥኖ ወደ ኩሽኔታው ያስገባዋል።

ጢስ ዓባይ ከተማ ስትደርሱ ብስክሌቶቹ የት እንደሚቆሙና ማን እንደሚጠብቃቸው ተነጋገሩ፤ ከዚያ በኋላ ያለው በእግር ነው። ቲኬት ይቆረጣል፣ የአካባቢው አስጎብኚዎችም እዚያው አሉ። የእነሱ ክፍያ በከፈላችሁት ውስጥ መካተቱን አስቀድማችሁ ካላረጋገጣችሁ ሁለት ጊዜ ትከፍላላችሁ። መንገዱ በ17ኛው ክፍለ ዘመን በተሠራው በአላታ የድንጋይ ድልድይ አልፎ ወደ ፏፏቴው ፊት ለፊት ያወጣል፣ በተንጠልጣዩ ድልድይ ተሻግሮ ደግሞ ከሥሩ ድረስ ያደርሳል። ከ40 ሜትር በላይ የሚወርደው ውሃ በመጋቢትና በሚያዝያ ግን ቀጭን ነው፤ የወንዙ ውሃ ለጢስ ዓባይ የኃይል ማመንጫዎች ይጠለፋል፣ ከ2002 ዓ.ም. ወዲህ ደግሞ ከጣና ወደ በለስ የኃይል ማመንጫ የሚሄድ ውሃ አለ። በእነዚህ ወራት ፏፏቴውን ዋና ዓላማ አድርጎ መሄድ አያዋጣም።

ቤዛዊት አጭር ነው፣ ለልጅና ለጀማሪም ይሆናል። ከአፄ ኃይለ ሥላሴ ቤተ መንግሥት አጠገብ ቆሞ ዓባይ ሲጠማዘዝ ማየት ደስ ይላል፤ ካሜራ ከማውጣታችሁ በፊት ጥበቃውን ጠይቁ። 11 ሰዓት ላይ ደርሶ ሳይመሽ መመለስ ነው። ከዚያ በላይ ብዙ አይጠበቅበት።

ዘጌ ላይ ብስክሌቱ አፋፍ እስከምትባለው መንደር ድረስ ነው። ከዚያ ወዲያ ያለው የቡና ደን መንገድ ሥርና ድንጋይ የበዛበት ጠባብ የእግር መንገድ ነው፤ በጥንቱ ሥርዓት በሬ የማይጠመድበት፣ ሕዝቡ በቡና፣ በጌሾና በሎሚ የሚኖርበት አገር ነው፣ በእርጋታ በእግር ነው የሚታየው። በጠዋት በብስክሌት ሄዶ፣ ከሐይቁ ማዕበል በፊት፣ ከ8 ሰዓት ሳያልፍ በጀልባ መመለስ ይሻላል። ብስክሌቱ ጀልባ ላይ ካቴናው ያለበት ጎን ወደ ላይ ሆኖ ይተኛ፣ ይታሰር። ወደ ኡራ ኪዳነ ምሕረትና ወደ አዝዋ ማርያም በቁምጣ አይገባም፤ በቦርሳ ረጅም ሱሪ፣ ለሴቶች ነጠላ ያዙ። ጫማ በቀላሉ የሚወልቅ ይሁን። የገዳማቱ መግቢያ ለየብቻ ነው የሚከፈለው። በሙቀቱ ሐይቁ ቢያጓጓም ዳር ላይ አትዋኙ፣ ከውሃው በቆዳ የሚገባው በሽታ ቢልሃርዚያ አለበት።

ለሙሉ ቀን ጉዞ በሰው ሦስት ሊትር ውሃና አንድ ሁለት እሽግ ኦአርኤስ (በውሃ የሚበጠበጥ የጨውና የስኳር ዱቄት) ይያዝ። ረቡዕና ዓርብ ምሳው የጾም ስለሚሆን በዋዜማው ተነጋገሩ። ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ወዲህ በክልሉ ባለው የጸጥታ ሁኔታ ከከተማ የሚያስወጣው መንገድ የሚዘጋበት ቀን ስላለ፣ ቀብድ ስትሰጡ መንገድ ከተዘጋ ገንዘቡ እንደሚመለስ በጽሑፍ ይሁን። በጉዞው ማለዳም አስጎብኚው በምታልፉበት መንደር ላለ ሰው ስልክ ደውሎ ሳይጠይቅ ብስክሌት ላይ አትውጡ።