ሰሜን፣ ባሌ ወይስ መቄት? ለብዙ ቀን የተራራ ጉዞ የቱን ትግዙ

የአስጎብኚ ድርጅቶችን ፕሮግራም ጎን ለጎን ዘርግቶ ላየ ሰው ሁሉም አንድ ይመስላሉ። «አራት ቀን የእግር ጉዞ፣ የገጠር ሕይወት፣ ከማኅበረሰቡ ጋር አዳር።» ሰሜን ተራሮችም ይኸው፣ ባሌም ይኸው፣ ከላሊበላ ወዲህ ያለው የመቄት ጉዞም ይኸው። እንዲህ ሲሆን ዋጋ አወዳድሮ ርካሹን መያዝ ብልህነት ይመስላል። ሦስቱ ግን የተለያየ ዕቃ ናቸው። ሰሜን የሚሸጥላችሁ ገደሉን ነው፤ ባሌ የዱር እንስሳቱንና ጭር ያለውን ሜዳ፤ መቄት ደግሞ ሰውን። የቱን እንደምትፈልጉ ሳታውቁ ከከፈላችሁ፣ ጉዞው ምንም ሳይጎድለው እናንተ ቅር ብሏችሁ ትመለሳላችሁ።

ከማወዳደሩ በፊት ጸጥታው ይቅደም። ሰሜን ተራሮችም መቄትም አማራ ክልል ውስጥ ናቸው። ከ2015 ዓ.ም. ማብቂያ ጀምሮ በክልሉ የትጥቅ ግጭት ስላለ መንገዱ ይዘጋል፣ ይከፈታል፣ ደግሞ ይዘጋል። ስለዚህ አዲስ አበባ ያለውን ቢሮ ብቻ ጠይቃችሁ አትርኩ። ደባርቅ ወይም ላሊበላ ያለው አስጎብኚ ራሱ ስልክ ላይ ይቅረብላችሁ፤ በዚያ ሳምንት ማን ገብቶ ማን እንደወጣ የሚያውቀው እሱ ነው። ኦሮሚያ ውስጥም ግጭት የሚነሳባቸው አካባቢዎች ስላሉ፣ ወደ ባሌ የምትሄዱም እስከ ፓርኩ መግቢያ፣ እስከ ዲንሾ ያለውን መንገድ አጣሩ። ከውጭ የምትመጡ ደግሞ የጉዞ ዋስትናችሁን ውል አንብቡ፤ መንግሥታችሁ «አትሂዱ» ባለው ቦታ ለደረሰ ጉዳት የማይከፍል ዋስትና ብዙ ነው።

ማታ የት ታድራላችሁ?

ልዩነቱ ፍንትው ብሎ የሚታየው ማታ ነው። ቀን ቀንማ ሁሉም ጋ ተራራ አለ፣ ሁሉም ጋ ይደክማል።

ሰሜን ተራሮች ፓርክ ውስጥ አዳሩ በአብዛኛው ድንኳን ነው። ሳንቃበር፣ ግጭና ጨነቅ የታወቁት የካምፕ ቦታዎች ናቸው፤ ሦስቱም ከባሕር ጠለል በላይ ከ3,200 ሜትር በላይ ስለሆኑ ሌሊቱ ያንቀጠቅጣል። «የመንደር አዳር» የሚል ፕሮግራም ከያዛችሁ የመንደሩን ስም ጠይቁ። ግጭ መንደር ገብታችሁ ከቤተሰብ ጋር ቡና ትጠጣላችሁ ካሏችሁ ፕሮግራሙ አሮጌ ነው። የግጭ ነዋሪዎች እ.ኤ.አ. በ2016 ከፓርኩ ወጥተው ደባርቅ ሰፍረዋል፤ ዛሬ እዚያ ያለው የካምፕ ቦታውና ሣሩ ነው። እውነተኛ የገበሬ ቤት አዳር የሚገኘው ከጨነቅ ወዲያ፣ ወደ ራስ ዳሸን በሚወስደው መንገድና በስተቆላው ባሉ መንደሮች ነው። እዚያ የምትተኙት መደብ ላይ ነው፤ ጭሱ ዓይን ያቃጥላል፣ ከብቱ አጠገባችሁ ያመነዥካል፣ ቁንጫውም ድርሻውን ይወስዳል። ይህን የሚወድ ሰው አለ። «ሆምስቴይ» የሚለውን ቃል አይቶ አንሶላ የተነጠፈበት አልጋ የጠበቀ ሰው ግን ሌሊቱ አይነጋለትም።

መቄት ሌላ ነው። በሰሜን ወሎ፣ ከገደሉ አፋፍ ላይ፣ የየቀበሌው ማኅበረሰብ ለእንግዳ ብሎ የሠራቸው የድንጋይ ግድግዳና የሣር ክዳን ያላቸው ጎጆዎች አሉ። መቋት ማርያምና ዋጀላ ከታወቁት ውስጥ ናቸው። ይህ የማኅበረሰብ ቱሪዝም ከ20 ዓመት በላይ አስቆጥሯል፤ ጎጆው የመንደሩ ነው፣ የሚያበስሉትም የሚያስተናግዱትም የመንደሩ ሰዎች ናቸው፣ ገቢውም ወደ ጋራ ካዝናቸው ይገባል። ልብ በሉ፣ የምትተኙት ሰው ቤት ውስጥ አይደለም፤ የራሳችሁ ጎጆ፣ ፍራሽና ብርድ ልብስ ያለው አልጋ አላችሁ። ከመንደሩ ጋር የምትገናኙት ከጎጆው ውጭ ነው። አመሻሽ ላይ አህዮቹ ጭነታቸውን አራግፈው አቧራ ላይ ሲንከባለሉ፣ ገብሱ ምጣድ ላይ ይንጣጣል፣ ቆሎው ትኩሱን በሰፌድ ይመጣል፣ ጀበናው ይጣዳል፤ ከዚያ ወዲያ ወሬ ነው። አማርኛ ለሚችል መንገደኛ ይህ ጉዞ ከሌላው እንግዳ ይልቅ እጥፍ ዋጋ አለው፤ በአስተርጓሚ ተጠርቦ የሚደርሰው ጨዋታ ለእናንተ ከነለዛው ይደርሳችኋል።

ባሌ ከሁለቱ መሀል ነው፣ ወደ ድንኳኑ ያደላል። ዲንሾ፣ ፓርኩ ጽሕፈት ቤት አጠገብ፣ ቆየት ያለ ሎጅ አለ፤ ከዚያ ወዲያ ዌብ ሸለቆና ሰነቴ አምባ ላይ ካምፕ ነው። መንደር የምታገኙት ከአምባው ወርዳችሁ ሐረና ጫካ ስትገቡ ነው። ሪራ ላይ ከጫካ የተለቀመ ቡና ይፈላላችኋል፣ ማሩም የዚያው ጫካ ነው። ለእሱ ብቻ መውረድ ያስኬዳል፤ ነገር ግን «የመንደር አዳር» ዋናው ዓላማችሁ ከሆነ ባሌን ለሌላ ጊዜ አቆዩት።

እግራችሁስ?

የሰሜን የተለመደው የአራት ቀን መስመር ከደባርቅ በላይ ተነስቶ በሳንቃበር፣ በጅንባር ፏፏቴ፣ በግጭና በእሜት ጎጎ አልፎ ጨነቅ ይደርሳል። እሜት ጎጎ 3,926 ሜትር ነው፤ ሦስት በኩል ገደል ነው፣ ከሥር ያሉት አምባዎች ደረጃ በደረጃ ወደ ቆላው ይወርዳሉ። በዚህ አገር እንደዚያ ያለ እይታ ሌላ ቦታ ያለ አይመስለኝም።

ራስ ዳሸንን በተመለከተ ግን ከሻጮቹ ጋር አልስማማም። 4,550 ሜትር ገደማ ነው፣ የአገራችን ትልቁ ጫፍ ነው፣ ስሙ ይሸጣል። ነገር ግን ከጨነቅ የቧሂትን ተራራ ተሻግሮ መሸሃ ወንዝ ድረስ መውረድና እንደገና ያንኑ ያህል መውጣት ይጠይቃል፤ በጥቅሉ ሦስት ቀን ያህል ይጨምራል። ጫፉ ላይ ስትደርሱ በዙሪያው ያሉት ጉብታዎች ከእሱ የሚበልጡ ይመስላሉ፣ እይታውም ከእሜት ጎጎ አይደርስም። «ወጥቻለሁ» ለማለት ከሆነ ሂዱ፤ ያ የራሱ ደስታ አለው። ቀናችሁ አጭር ከሆነ ግን ያንን ገንዘብ ግጭ ላይ አንድ ሌሊት ለመጨመር አውሉት፤ ቧሂትም ብቻውን ከ4,400 ሜትር በላይ ነው፣ ከጨነቅ ደርሶ መልስ ይቻላል።

መቄት ለእግር ከሁሉ የዋህ ነው። አምባው ላይ ከወጣችሁ በኋላ መንገዱ በማሳና በግጦሽ መሀል አፋፉን ይዞ ይሄዳል፤ ጓዛችሁን አህያ ይሸከማል። እናትና አባታችሁን ወይም ልጆች ይዛችሁ የምትሄዱ ከሆነ ሌላውን ተዉት፣ ይኸን ግዙ። ጠንከር ያለ ለሚፈልግ እዚያው ላሊበላ ጥግ አቡነ ዮሴፍ ተራራ አለ፤ ከ4,200 ሜትር በላይ ስለሆነ ቀልድ አይደለም።

ባሌ ሰፊ ነው፤ ዳገቱ ረጋ ያለ፣ ቀኑ ረጅም፣ ጭነቱ በፈረስ። መራመድ ያቃተው ሰው ተከራይቶ መቀመጥም ይችላል። የባሌ አደጋ ከእግር ይልቅ ከመኪናው ይመጣል። ሰነቴን አቋርጦ የሚያልፍ የመኪና መንገድ አለ፣ 4,377 ሜትር ከፍታ ያለው ቱሉ ዲምቱ ጫፍ ድረስም መኪና ይወጣል። ጠዋት ከጎባ ተነስቶ ቀትር ላይ እዚያ የቆመ ሰው ራሱን ቢያመው፣ ቢያቅለሸልሸው አይገርምም። የመጀመሪያውን ሌሊት ዲንሾ የማያሳድር ፕሮግራም ካያችሁ አስተካክሉልኝ በሉ።

ምን ታያላችሁ?

ጭላዳ ለማየት ሰሜን ነው። መንጋው በመቶዎች ሆኖ ሣር እየነጨ ያልፋችኋል፣ ከቁም ነገርም አይቆጥራችሁ። ዋልያ ከዓለም ሁሉ የሚገኘው ሰሜን ብቻ ነው፤ ጨነቅ አካባቢ በማለዳ የመታየት ዕድሉ ጥሩ ነው። ፓርኩ እ.ኤ.አ. በ1978 በዓለም ቅርስነት ከተመዘገቡት የመጀመሪያዎቹ አንዱ ነው፤ ከ1996 እስከ 2017 ደግሞ አደጋ ላይ ካሉ ቅርሶች ዝርዝር ውስጥ ቆይቷል። የግጭ ሰዎች መነሳትም የዚያ ታሪክ አካል ነው።

ቀይ ቀበሮ ሰሜንም አለ፣ ማየቱ ግን ዕድል ይጠይቃል። በዓለም ላይ የቀሩት አዋቂ ቀበሮዎች ከ500 አይበልጡም፤ ከግማሽ በላዩ ባሌ ናቸው። ሰነቴ ላይ ጠዋት ውርጩ ሲቀልጥ ቁጭ ብላችሁ ጠብቁ። ግዙፉ ፍልፈል ከጉድጓዱ ግማሽ አካሉን ብቻ አውጥቶ በአፉ የሚደርስበትን ሣር ሁሉ ወደ ውስጥ ይጎትታል። ቀበሮው ደረቱን መሬት አስነክቶ፣ ፍልፈሉ ሲያጎነብስ አንድ እርምጃ፣ ቀና ሲል ደርቆ መቅረት፣ እንዲህ እንዲህ እያለ ይጠጋል። ብዙውን ጊዜ ያመልጠዋል፣ አፈር ብቻ ጎርሶ ይቀራል። ዲንሾ ላይ ደግሞ የደጋ አጋዘን ከሎጁ ደጃፍ ይግጣል። ለነገሩ ፍልፈል የቀበሮ ቀለብ ብቻ አልነበረም፤ ፊንጫ ሐበራ የሚባለው ዋሻ ውስጥ ከ40 ሺህ ዓመት በፊት የነበሩ ሰዎች እሱኑ እየጠበሱ ይበሉ እንደነበር አጥኚዎች እ.ኤ.አ. በ2019 አሳትመዋል። ባሌ በ2016 ዓ.ም. መስከረም ላይ በዓለም ቅርስነት ስለተመዘገበ ከአሁን በኋላ ጭርታው የሚቆይ አይመስለኝም።

መቄትም ጭላዳ አለ፣ አሞራና ጭልፊት ከእግራችሁ በታች ይበራሉ። ለእንስሳ ብላችሁ ግን አትሂዱ።

ወጪው እንዴት ይቆጠራል?

ቁጥሩ በየጊዜው ስለሚቀያየር ማወቅ የሚጠቅመው አቆጣጠሩን ነው። ሰሜን ላይ አብዛኛው ወጪ በቡድን ነው፤ አስጎብኚው፣ መሣሪያ የያዘው ስካውት፣ ምግብ አብሳዩ፣ ባለ በቅሎው፣ መኪናው። ስካውት ግዴታ ነው። ሁለት ሆናችሁ ብትሄዱም አምስት ሆናችሁ ብትሄዱም ይህ ድምር ብዙም አይለወጥም፤ ስለዚህ ብቻችሁን ከሆናችሁ ዋጋው ያስደነግጣችኋል፣ ጓደኛ ካሰባሰባችሁ ይረክሳል። ከተነሳችሁበት ሌላ ቦታ ላይ ጉዞውን የምትጨርሱ ከሆነ በቅሎውና ባለ በቅሎው የሚመለሱበት ቀን በእናንተ ሂሳብ ነው። ስንቅ ስትሸምቱ ስካውቱንና ባለ በቅሎውን ቆጥራችሁ ሸምቱ፤ የራሳቸውን ይዘው ይመጣሉ ቢባልም አንድ እሳት ዙሪያ ተቀምጦ ለብቻ መብላት አይሆንላችሁም።

መቄት በሰው በአዳር ይከፈላል፤ ምግቡም፣ ጎጆውም፣ መሪውም፣ አህያውም አንድ ላይ። ብቸኛ መንገደኛ የማይጎዳው እዚህ ነው። ባሌ ላይ ትልቁ ወጪ መድረሻው ነው፤ ከአዲስ አበባ ዲንሾ 400 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፣ ሮቤም አውሮፕላን ማረፊያ አለ። ፓርኮቹ ላይ የመግቢያ ዋጋ ለዜጋና ለውጭ ዜጋ ስለሚለያይ፣ ትውልደ ኢትዮጵያውያን የትኛው እንደተሰላላችሁ ደረሰኝ ከመቁረጣችሁ በፊት ጠይቁ፤ መታወቂያችሁንም አትርሱ።

ወቅቱን በአጭሩ፦ ሰሜንና መቄት ከመስቀል እስከ ኅዳር አበባና አረንጓዴ ናቸው፣ እስከ የካቲት ደረቅ ነው፣ ክረምቱን ተዉት። ባሌ ዝናቡ ረዘም ስለሚል ከኅዳር እስከ የካቲት ይሻላል፤ ብርዱ ግን ያኔ ነው የሚብሰው፣ ሰነቴ ላይ ሌሊቱ ከዜሮ በታች ብዙ ይወርዳል። ሁዳዴ ላይ መቄት ከሄዳችሁ እንቁላልና ወተት አትጠብቁ፤ ሽሮው ግን ግሩም ነው።

ታዲያ የቱን?

አራት ወይም አምስት ቀን ያለው፣ ተራራ ወጥቶ የማያውቅ፣ ጉልበቱ ደህና የሆነ ሰው፦ ሰሜን። ከቤተሰብ ጋር፣ ወይም ከአገሬው ጋር ተቀምጦ መጫወት የሚፈልግ፦ መቄት፣ ያለ ማመንታት። ሰሜንን ያየ፣ ካሜራ ያለው፣ አንድ ቀበሮ ለማየት ሁለት ሰዓት ብርድ ላይ የሚቀመጥ፦ ባሌ። መንገዱ ሰላም ከሆነና አንዱን ብቻ ምረጥ ብትሉኝ እኔ መቄትን እላለሁ፤ ገደል ፎቶም ላይ ይታያል።

ከአዲስ አበባ ርቆ መሄድ ለማይችል ደግሞ አራተኛ አማራጭ አለ፦ የመንዝ ጓሳ። ከከተማው 265 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ ጭላዳም ቀይ ቀበሮም አለ፣ የጓሳ ሣሩን የአካባቢው ሰው «ቀሮ» በሚባል የራሱ ሥርዓት ከ17ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ ሲጠብቀው ኖሯል። ይህም አማራ ክልል ስለሆነ ከላይ የተባለው የጸጥታ ማጣሪያ ለእሱም ይሠራል። ማኅበረሰቡ የሚያስተዳድረው ሎጅ ክፍሎቹ ጥቂት ስለሆኑ ቀድማችሁ ደውሉ፣ የምትበሉትን ደግሞ ከአዲስ አበባ ወይም ከደብረ ብርሃን ይዛችሁ ውጡ።