ጊዜው ያለፈ የሽጉጥ ፈቃድ «አሳድስላችኋለሁ» ለሚል ደላላ ገንዘብ አትስጡ

ይህ ደቡብ አፍሪካ ውስጥ ሱቅ ላላችሁና ሽጉጥ በስማችሁ ላስመዘገባችሁ ወገኖች ነው። ቀኖቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

«ፈቃድህ ቢያልፍም ግድ የለም፣ ውስጥ ሰው አለኝ፣ ጨርሼ አመጣልሃለሁ» የሚል ደላላ የሚሸጥላችሁ ነገር በሕጉ ውስጥ የለም። በ2000 የወጣው የጦር መሣሪያ ቁጥጥር ሕግ፣ ቁጥር 60፣ አንቀጽ 24 የእድሳት ማመልከቻ ፈቃዱ ከማለቁ ቢያንስ 90 ቀን አስቀድሞ መግባት አለበት ይላል። በአንቀጽ 28 መሠረት ደግሞ ካርዱ ላይ የተጻፈው ቀን ሲያልፍ ፈቃዱ ያበቃል። ያበቃ ፈቃድ አይታደስም። ደላላው ቢበዛ የሐሰት ቀን ያለበት ወረቀት ያስገባላችኋል። ቤቱ ሲፈተሽ ያለ ፈቃድ መሣሪያ የያዘው ሰው ግን እናንተ ናችሁ፤ ቅጣቱ እስከ 15 ዓመት እስር ይደርሳል።

ብዙ ሰው የሚታለለው በአንድ እውነተኛ ወረቀት ነው። በ2017 የፕሪቶሪያ ከፍተኛ ፍርድ ቤት አንቀጽ 24 እና 28 ሕገ መንግሥቱን ይጥሳሉ ብሎ ነበር። የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤቱ ይህንን ሰኔ 7 ቀን 2018 ሻረው። በቀጣዩ ወር በሌላ ክስ ፖሊስ ፈቃዳቸው ያለፈ መሣሪያዎችን እንዳይሰበስብ ጊዜያዊ እግድ ወጣ። ደላሎች በስልክ የሚያሳዩዋችሁ ይህንን እግድ ነው። ማኅተሙም ፊርማውም ትክክለኛ ነው፤ ነገር ግን ብሉምፎንቴን ያለው የይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት ሐምሌ 23 ቀን 2020 አንስቶታል። የሚያሳዩዋችሁ ወረቀት ላይ ሐምሌ 2018 የሚል ካያችሁ ንግግሩን እዚያው አቁሙ።

በእርግጥ የሚረዳችሁ የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤቱ በግንቦት 2022 የሰጠው ውሳኔ ነው። ፈቃዱ ያለፈበት ሰው ለዚያው መሣሪያ አዲስ ፈቃድ መጠየቅ ይችላል። ልብ በሉ፣ ይህ እድሳት አይደለም፣ ሁሉም ከዜሮ ይጀመራል፤ ማመልከቻ ስላስገባችሁ ብቻም ቤት ያለው ሽጉጥ ሕጋዊ አይሆንም። ስለዚህ ሽጉጡን ወደ ፖሊስ ልትወስዱ ይዛችሁ መኪና ውስጥ ከመግባታችሁ በፊት የመሣሪያ ሕግ የሚያውቅ ጠበቃ አማክሩ፣ ለፖሊስ እንዴት እንደሚደርስም አብራችሁ ወስኑ። «ምሕረት (መሣሪያውን ያለ ክስ ለፖሊስ የሚያስረክቡበት ጊዜ) እየመጣ ነው፣ ጠብቅ» የሚላችሁንም አትስሙ። ያለፉት ሁለት ምሕረቶች ከታኅሣሥ 1 ቀን 2019 እስከ ግንቦት 31 ቀን 2020 እና ከነሐሴ 1 ቀን 2020 እስከ ጥር 31 ቀን 2021 ነበሩ። ምሕረት የሚታወጀው በፓርላማ ጸድቆና በመንግሥት ጋዜጣ ወጥቶ እንጂ በደላላ አፍ አይደለም።

ቀኑ ገና ያልደረሰባችሁ፣ አሁኑኑ ካርዱን አውጥታችሁ እዩ። ለራስ መከላከያ የሚሰጠው የአንቀጽ 13 ፈቃድ 5 ዓመት ብቻ ነው የሚቆየው። 90 ቀኑን በቀን ቁጠሩት፣ በወር አትቁጠሩት። ለምሳሌ ፈቃዱ ግንቦት 1 ቀን 2027 የሚያልቅ ከሆነ ሦስት ወር ወደኋላ ቆጥሮ የካቲት 1 የሚሄድ ሰው 89 ቀን ነው የቀረው፤ አልፎበታል። የመጨረሻው ቀን ጥር 31 ቢሆንም እሑድ ስለሚውል አርብ ጥር 29 ማስገባት አለበት። እኛ የምንመክረው ስድስት ወር ሲቀር መጀመር ነው፤ የብቃት ማረጋገጫው፣ ኮምፒተንሲ የምንለው፣ የራሱ ማብቂያ ቀን አለው፤ እሱ አልፎ ከተገኘ እድሳቱም ይቆማል።

የእድሳት ማመልከቻው በቅጽ 518(ኤ) ተሞልቶ በመኖሪያችሁ አካባቢ ፖሊስ ጣቢያ ላለው የመሣሪያ ኃላፊ፣ ዲ ኤፍ ኦ ለሚሉት፣ እናንተው ራሳችሁ ትሰጣላችሁ። የተረጋገጠ የመታወቂያ ኮፒ፣ አሮጌው ፈቃድ፣ ኮምፒተንሲ፣ ሽጉጡ የሚቀመጥበት ካዝና ማስረጃ፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ሽጉጡ ዛሬም ለምን እንደሚያስፈልጋችሁ የሚገልጽ ደብዳቤ ያስፈልጋል። ደላሎች አንዱን ደብዳቤ ለሁሉም ይገለብጡታል፤ የሌላ ሰው ሱቅና የሌላ ሰፈር ስም እንኳ ሳይሰረዝ በእናንተ ፊርማ ይገባል። ይህን ያየ መርማሪ ውድቅ ቢያደርገው ምን ትሉታላችሁ? የእናንተን ሱቅ፣ የደረሰውን ዘረፋ፣ የፖሊስ መዝገብ ቁጥሩን፣ በሌላ መንገድ ራሳችሁን መጠበቅ ያልቻላችሁበትን ምክንያት በራሳችሁ ቃል ጻፉ።

ክፍያው እዚያው ጣቢያ የሚከፈል ትንሽ ገንዘብ ነው፣ ደላላ የሚጠይቀው ሺህዎች አይደለም። የተቀበሉበትን ወረቀት ሳትይዙ ከመስኮቱ አትነሱ። ስማችሁ፣ የሽጉጡ ቁጥር፣ ቀኑና ማኅተሙ በትክክል መኖራቸውን ቆማችሁ አንብቡ። በጊዜው ካስገባችሁ መልስ እስኪመጣ ድረስ ፈቃዱ በሥራ ላይ ይቆያል፤ ካርዱ ግን ያለፈ ቀን ስለሚያሳይ መንገድ ላይ ለሚያስቆማችሁ ፖሊስ የምታሳዩት ይህን ወረቀት ነው። ኮፒውን ከሽጉጡ ጋር ያዙ፣ ዋናውን ቤት አስቀምጡ።

በአሳይለም (በጥገኝነት) ወረቀት ያላችሁ ወንድሞችና እኅቶች፣ ይህ በተለይ ለእናንተ ነው። ኮምፒተንሲ የሚሰጠው ለዜጋ ወይም ቋሚ መኖሪያ ፈቃድ ላለው ሰው፣ በመደበኛው ዕድሜው 21 ለሞላ ነው። የስደተኞች ሕግ ሴክሽን (አንቀጽ) 22 የጥገኝነት ጠያቂ ወረቀት ይሁን የሴክሽን 24 የስደተኛ ወረቀት አይበቃም። የመሣሪያ ሕጉና የስደተኞች ሕጉ የአንቀጽ ቁጥር ስለተገጣጠመ «ሴክሽን 24 አለህ፣ ማደስ ትችላለህ» ተብለው የሚከፍሉ አሉ፤ ፈጽሞ አይገናኝም። ፈቃዱ ያለፈ ሽጉጥ ከሰው በርካሽ መግዛትም እንዲሁ ወጥመድ ነው፣ ፈቃድ ከሰው ወደ ሰው አይተላለፍም። ባለፈቃዱም ቢሆን ሽጉጡን ሱቅ ውስጥ ለሚያድር ልጅ ትቶ መሄድ አይችልም፤ ሌላ ሰው ሊይዘው የሚችለው ባለቤቱ አጠገቡ ሆኖ ሲቆጣጠር ነው።

ማመልከቻችሁ ውድቅ ከተደረገ ምክንያቱን በጽሑፍ ጠይቁ። ለይግባኝ ቦርዱ የምታመለክቱበት ጊዜ 90 ቀን ነው። በቀጥታ ከፍተኛ ፍርድ ቤት እወስድልሃለሁ ብሎ ብዙ ገንዘብ የሚቀበል ካለ፣ ፍርድ ቤቱ በመደበኛው «መጀመሪያ ቦርዱን ጨርስ» ብሎ እንደሚመልሳችሁ እወቁ። በዚያ መሃል 90 ቀኑ ያልፋል፤ ስለዚህ ውሳኔው የደረሳችሁን ቀን ፖስታው ላይ ጻፉ፣ ፖስታውንም አትጣሉት።