ለኮ ኬሩ አስጎብኚዬ፦ የዘገየ ምስጋና

ይህን ጽሁፍ መጻፍ የነበረብኝ ያኔ እንደተመለስኩ ነው። ዛሬ ነገ ስል ጊዜው ነጎደ። ባለፈው ሳምንት ካምቦዲያ ካለው አስጎብኚዬ መልእክት ደረሰኝ። «ቦንግ፣ ደህና ነሽ? ሱቅሽ እንዴት ነው? እዚህ ሥራ ቀዝቅዟል» ይላል። ሌላ ምንም አልጠየቀኝም። እኔ ግን አፈርኩ። ይኸው፣ ዕዳዬን ልክፈል።

ነጋዴ ነኝ። መርካቶ ትንሽ የልብስ ሱቅ አለችኝ። እቃ ለማምጣት ባንኮክ መመላለስ ከጀመርኩ ስምንት ዓመት አልፎኛል። በዚህ ሁሉ ዓመት ያየሁት ባንኮክ ግን ፕራቱናም ገበያ፣ የካርጎ ቢሮና የሆቴል አልጋ ብቻ ነው። የካቲት 2017 መጨረሻ ላይ «እቃሽ አራት ቀን ይዘገያል» አሉኝ። መጀመሪያ ተናደድኩ። ከዚያ ቁጭ ብዬ አሰብኩና ወደ ካምቦዲያዋ ከተማ ሲየም ሪፕ ትኬት ቆረጥኩ። የአንድ ሰዓት ገደማ በረራ ነው። ሁዳዴ ከገባ ገና ሳምንቱ ነበር።

የመጀመሪያውን ቀን ዝነኛውን ጥንታዊ ቤተመቅደስ አንኮር ዋትን ከአርባ ሰው ጋር በአውቶቡስ ጎበኘሁ። የወሰደኝን ድርጅት ስም አልጠራም። አስጎብኚው ባንዲራ ይዞ ይሮጣል፣ እኛ ከኋላ እንሮጣለን። «አስራ አምስት ደቂቃ!» ይላል። ፎቶ ሳናነሳ ያልቃል። ረጅሙን ሰዓት ያሳለፍነው የት መሰላችሁ? የሐር ልብስ መሸጫ ውስጥ። እኔ ከልብስ ሸሽቼ ነው የመጣሁት!

ማታ ሆቴሉ እንግዳ መቀበያ ላይ ያለችውን ልጅ «ሰው የማይበዛበት፣ ጫካ ውስጥ ያለ ነገር የለም?» አልኳት። ስልክ ደወለች። ከግማሽ ሰዓት በኋላ አንድ ቀጭን፣ ሳቂታ ሰው በሞተር መጣ። የአስጎብኚነት መታወቂያው አንገቱ ላይ ተንጠልጥሏል። ስለ ዋጋ ከማውራታችን በፊት ሦስት ነገር ጠየቀኝ። ደረጃ መውጣት ትችያለሽ? ምን ዓይነት ጫማ ይዘሻል? ምን ትበያለሽ?

ሦስተኛው ላይ ረጅም ማብራሪያ ሰጠሁት። ሥጋ የለም፣ እንቁላል የለም፣ ወተት የለም፣ አሳም ይቅርብኝ። እዚያ አገር አሳን መተው ቀላል አይደለም። ፕራሆክ የሚባል የተብላላ የአሳ ድልህ አላቸው፣ ብዙ ምግብ ውስጥ ይገባል። ሰውዬው አልተደናገጠም። «ለስንት ቀን ነው?» አለኝ። ሃምሳ አምስት ቀን ስለው እጁን አገጩ ላይ አድርጎ ዝም አለ።

በነጋታው ከሌሊቱ 11 ሰዓት ተኩል ላይ ወደ ኮ ኬር ፍርስራሽ ተነሳን። ሹፌር፣ እሱ፣ እኔ። ሌሎች አስጎብኚዎች መጀመሪያ የሚያቆሙት መንገዱ አጋማሽ ላይ ያለው ቤንግ ሚሊያ የሚባል ቤተመቅደስ ነው። እሱ ዝም ብሎ አለፈው። «የኮ ኬርን ፒራሚድ ከሙቀቱ በፊት እንውጣ፣ ቤንግ ሚሊያን አውቶቡሶቹ ሲሄዱ እንመለስበታለን» አለኝ። ይቺን ዘዴ ያደነቅኩት ከሰዓት በኋላ ነው።

መንገድ ላይ ሁላችንም የምናውቀው ጉዳይ መጣብኝ። ጎጃም መንገድ ላይ መኪና አስቁሞ ወደ ቁጥቋጦ መግባት የለመድን ሰዎች ነን። መኪናው ቆመ፣ ወረድኩ፣ ሁለት እርምጃ እንደተራመድኩ «ቦንግ! ቁሚ!» ብሎ ጮኸ። ያ ሳቂታ ፊት ጠፍቶ ነበር። የረገጥኩትን እየረገጥኩ እንድመለስ አደረገኝ። አካባቢው ከፈንጂ የጸዳ ነው አለኝ። ግን ከተረገጠ መንገድ አለመውጣት የእሱ ሕግ ነው። ካምቦዲያ ውስጥ ለአስርት ዓመታት በተደረገው ጦርነት የተቀበረው ፈንጂ ዛሬም ሰው ይጎዳል። ከአስር ደቂቃ በኋላ የሚያውቃቸው ሰዎች ቤት ወስዶ መጸዳጃ ቤት አስገባኝ። ሴትዮዋ ውሃም ሰጡኝ።

ከዚያ መኪና ውስጥ ዘወር ብሎ «አንቺ አፍሪካዊት አይደለሽ? የአገርሽ ልጅ ነው ያዳነን» አለኝ። ግራ ገባኝ። ለካ ስለ አይጥ ነው! ማጋዋ የሚባል፣ ታንዛኒያ ተወልዶ ፈንጂ ማሽተት የሰለጠነ ትልቅ የአፍሪካ አይጥ። ክብደቱ ቀላል ስለሆነ ቢረግጠው ፈንጂው አይፈነዳም። ካምቦዲያ ውስጥ አምስት ዓመት ገደማ ሠርቶ ከ100 በላይ ፈንጂና ያልፈነዳ ተተኳሽ አግኝቷል። እ.ኤ.አ. በ2020 ከእንግሊዝ የወርቅ ሜዳልያ ተሸልሟል። ጡረታ ወጥቶ ነው የሞተው። እኛ ቤት አይጥ የሚታወቀው በመጋዘን ጠላትነቱ ነው። የዚያን ቀን ግን ኮራሁ፣ ምን ላድርግ።

ኮ ኬር ከሲየም ሪፕ 120 ኪሎ ሜትር ገደማ ይርቃል። ዛሬ ጫካ ነው። በአስረኛው ክፍለ ዘመን ግን የክመር፣ ማለትም የጥንቱ የካምቦዲያ መንግሥት ዋና ከተማ ነበር፣ እ.ኤ.አ. ከ928 እስከ 944 ብቻ። ንጉሥ ጃያቫርማን አራተኛ የቀድሞውን ዋና ከተማ አንኮርን ትቶ እዚህ ከተማ መሠረተ። እሱ ከሞተ ብዙም ሳይቆይ ቤተ መንግሥቱ ወደ አንኮር ተመለሰ። አስጎብኚዬ ይህን ሲነግረኝ «ይህን ሁሉ ድንጋይ ለ16 ዓመት?» ብሎ እንደሚገረም ሰው አየኝ። እኔ አልገረመኝም። እንጦጦን ትተን ወደ ፍልውሃ የወረድን ሰዎች ነን።

ፒራሚዱ ሰባት እርከን ነው፣ ቁመቱ ወደ 36 ሜትር። ከጎኑ የእንጨት ደረጃ ተሠርቶለታል። እሱ በየእርከኑ ቆሞ ይጠብቀኛል፣ ግን «ደከመሽ?» አይለኝም። ጫማውን የሚያስር ይመስላል። አናቱ ላይ ስንደርስ ዙሪያውን አረንጓዴ ብቻ ነው። ምንም አላወራም። ትንሽ ራቅ ብሎ ተቀመጠና ክሮማውን፣ እንደኛ ነጠላ ለሁሉም ነገር የምትሆነውን መሃረባቸውን፣ ራሱ ላይ ጣል አደረገ። እስክጠይቀው ድረስ አንድ ቃል አልተነፈሰም። ከባንዲራው ሰውዬ በኋላ ይህ ዝምታ ለእኔ እረፍት ነበር።

ስጠይቀው ግን አያልቅበትም። እዚህ አናት ላይ ትልቅ ሊንጋ፣ ማለትም የሂንዱው አምላክ የሺቫ ምልክት የሆነ የድንጋይ ዓምድ፣ ቆሞ እንደነበር ነገረኝ። ከተማው ራሱ በጥንት ስሙ ሊንጋፑራ ይባል ነበር። አሁን አናቱ ባዶ ነው። ይህ ሰው ያለውን ብቻ ሳይሆን የሌለውንም እንደሚያስጎበኝ የገባኝ እዚያ ላይ ነው።

ፕራሳት ቼን የምትባል ትንሽ ቤተመቅደስ ወሰደኝ። እውነቱን ልናገር፣ ብቻዬን ብሆን «ይሄ ምን ይታያል?» ብዬ እመለስ ነበር። የፈረሰ ግድግዳ ነው። እሱ መሬቱን እያሳየ «እዚህ ጋ ቢማ፣ እዚህ ጋ ዱርዮዳና ፊት ለፊት ቆመው ሊጋጠሙ ነበር» አለኝ። ማሃባራታ የሚባለው ጥንታዊ የሕንድ ተረት ጀግኖች ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ ጦርነት ጊዜ ዘራፊዎች ሐውልቶቹን ከቁርጭምጭሚት ቆርጠው ወሰዷቸው። እግራቸው ከነመሠረቱ ቀረ። ስልኩን አውጥቶ የእግሮቹን ፎቶ አሳየኝ። ሰው የሌለባቸው ሁለት እግሮች። ከአርባ ዓመት በኋላ ዱርዮዳና ኒው ዮርክ ውስጥ ለጨረታ ሲቀርብ ተያዘ። ቢማ ካሊፎርኒያ ሙዚየም ውስጥ ቆሞ ነበር። ሁለቱም እ.ኤ.አ. በ2014 ወደ አገራቸው ገቡ። በቦታው የቀሩት እግሮች ለክርክሩ ትልቅ ማስረጃ ሆነዋል።

ሆዴ ተላወሰ። ስለ መቅደላ ነገርኩት። በ1868 እ.ኤ.አ. የእንግሊዝ ጦር ስለዘረፋቸው ታቦታትና የብራና መጻሕፍት። «ተመለሰላችሁ?» አለኝ። ጥቂቱ አልኩት። የአክሱም ሐውልት ግን ከሮም ተመልሶ እንደቆመ ስነግረው ልክ የራሱ ይመስል አጨበጨበ።

ምሳው ላይ ደግሞ ሌላ ጉድ። ማታውኑ ደውሎ ለአንዲት ምግብ ቤት ባለቤት አስጠንቅቋል። ሩዝ፣ አትክልት፣ ዱባ፣ ፕራሆክ የሌለበት። መንገድ ዳር የገዛው ክራላንም ነበር። የሚጣብቅ ሩዝ ከባቄላ መሳይ ጥራጥሬና ከኮኮናት ወተት ጋር ቀርከሃ ውስጥ ተከቶ በፍም ይበስላል። ቀርከሃውን እንደ ሙዝ እየላጣችሁ ትበላላችሁ። ንጹሕ የጾም ምግብ! እየበላን የእነሱ መነኮሳት ከቀትር በኋላ ምግብ እንደማይቀምሱ ነገረኝ። የእኛዎቹ ደግሞ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ነው የማይቀምሱት አልኩት። «ታዲያ አብረው ቢኖሩ አንድ ወጥ ቤት ይበቃቸዋል፣ አይጣሉም» አለ። ቀልዱ ትንሽ ይበዛል፣ ይሄ ይታወቅለት።

ቤንግ ሚሊያ ስንደርስ እንዳለው አውቶቡሶቹ ሄደዋል። ይህ ቤተመቅደስ በ12ኛው ክፍለ ዘመን በአንኮር ዋት ዓይነት የተሠራ ነው፣ ግን እንደወደቀ ቀርቷል። የድንጋይ ክምር፣ የዛፍ ሥር፣ አረንጓዴ ብርሃን። በእንጨት መሸጋገሪያ ላይ ነው የሚኬደው። ድንጋዮቹ ላይ ክብ ክብ ቀዳዳ አለ። «የጥይት ነው?» አልኩት። ሳቀና እጄን ወስዶ ጣቴን ቀዳዳው ውስጥ አስገባው። እዚያ ውስጥ እንጨት ሰክተው፣ በገመድ አስረው ነው ድንጋዩን የሚያነሱት። ጣራዎቹ ለምን እንደወደቁም በሁለት እጁ አሳየኝ። እውነተኛ ቅስት አልሠሩም፣ ድንጋዮቹን ከሁለቱም ወገን ወደ ውስጥ እያስጠጉ ነው የገጠሙት። ስለዚህ መተላለፊያው ጠባብ ነው፣ አንዱ ሲነቃነቅ ሌላው ይከተላል። መሠረቱ ላይ ያለው ቀይ ድንጋይ ደግሞ ዓይኑ የወጣ እንጀራ ነው የሚመስለው። ከመሬት ሲወጣ ለስላሳ ነው፣ አየር ሲያገኘው ይጠነክራል።

አንድ የዋርካ ዘመድ የሚመስል ዛፍ ግድግዳውን አቅፎ ቆሟል። ለምን አይቆርጡትም አልኩት። «ቢቆርጡት ግድግዳው ይወድቃል፣ ቢተዉትም ቀስ ብሎ ይጥለዋል» አለኝ። ዛፉ ሥር ተቀምጠን ፊደል ተለዋወጥን። የእነሱ ተነባቢ 33 ነው። የእኛም ከሀ እስከ ፐ 33! አናባቢውም እንደኛው ፊደሉ ላይ ይቀጠላል። ማስታወሻ ደብተሩ ላይ «ቦንግ» ብዬ በአማርኛ ጻፍኩለት። ቦንግ ማለት ታላቅ ወንድም ወይም ታላቅ እህት ማለት ነው። እሱ በዕድሜ ስለምበልጠው ይለኛል። እኔም ሳላውቅ ቀኑን ሙሉ መልሼ ቦንግ ስለው ውያለሁ። ሳያርመኝ፣ እየሳቀ ነበር «አቤት» የሚለኝ።

ጉድለቱንም ልንገራችሁ። ፎቶ ማንሳት አይችልም። ግማሹ ፎቶዬ ላይ ጭንቅላት የለኝም፣ ልክ እንደተዘረፉት ሐውልቶች ሆኜ ነው የተመለስኩት። ፎቶ ለሹፌሩ ስጡት።

ለሚሄድ ሰው፦ የኮ ኬር መግቢያ ለብቻው ነው፣ እኔ 15 ዶላር ከፍያለሁ። ቤንግ ሚሊያ ግን በአንኮር ትኬት ይታያል። የአንድ ቀኑ 37፣ የሦስት ቀኑ 62 ዶላር ነበር። ዶላር በየቦታው ይሠራል፣ ግን ጫፉ የተቀደደ ኖት አይቀበሏችሁም። እኔ አንዲት የተቀደደች ሃያ ዶላር ይዤ ሄጄ ይዣት ተመልሻለሁ። ትከሻና ጉልበት የሚሸፍን ልብስ፣ የተዘጋ ጫማ፣ ነጠላ ካላችሁ ነጠላ። ከታይላንድ ጋር በ2025 እ.ኤ.አ. ድንበር ላይ ውጊያ ነበር፣ የየብስ መሻገሪያውም ተዘግቷል። ከመነሳታችሁ በፊት አጣሩ። የእሱ ሥራ የቀዘቀዘውም በዚሁ ነው።

ስሙንና ስልኩን አደባባይ ላይ መለጠፍ ደስ አላለኝም። የሚፈልግ ኢንቦክስ ያድርግልኝ፣ እሱን አስፈቅጄ እሰጣለሁ። ሳትደራደሩ ክፈሉት። ይህን የምትላችሁ የመርካቶ ነጋዴ መሆኗን አትርሱ።

ይህን ጽሁፍ እልክለታለሁ። ማንበብ አይችልም። ሦስት ፊደል ግን ያውቃል፣ ፈልጎ ያገኛታል።

ቦንግ፣ ኦኩን፤ አመሰግናለሁ።