አባቴን ከመሶብ ያስነሱት የፒያሳ «የእግር ጉዞ» ሻጮች፦ ገንዘባችሁን እንዳትልኩላቸው

ትናንት ቅዳሜ ነው የሆነው፣ ሌሊቱን እንቅልፍ አልወሰደኝም፣ አሁንም ንዴቱ ሳይበርድልኝ ነው የምፅፈው። እነዚህን በቲክቶክና በቴሌግራም «ፒያሳን በእግር፣ የአራዳ ጓዳ፣ 8 ሰው ብቻ» እያሉ የሚሸጡትን ታውቋቸዋላችሁ። ሁሌ 2 ቦታ ብቻ ነው የቀራቸው፣ ሁሌ «ውዴ፣ ዛሬ ማታ ይዘጋል» ነው፣ በቴሌብር ላኪና ስክሪንሾቱን ላኪልን ነው፣ ብሩ ከገባ በኋላ ውዴ የሚባል ነገር የለም። ከነሱ ስለ አንዱ ነው የምነግራችሁ።

ዋጋው ለአንድ ሰው 2,500 ብር ነው፣ ለእኔና ለአባዬ 5,000 ላኪ አሉኝ፣ ላክኩ። ማስታወቂያው ላይ የተፃፈው ምን ነበር፣ ዋናውን መንገድ ትተን ጸጥ ያሉትን የውስጥ ለውስጥ መንገዶች እንሄዳለን፣ ጠዋት ጨጨብሳ በማር፣ ትኩስ ፓስቲ፣ መሃል ላይ እዛው ተቆልቶ የሚፈላ ቡና፣ ምሳ ደግሞ ሰፈር ውስጥ አንዲት እናት ቤት ገብተን በመሶብ ዶሮ ወጥ። አሁንም ስልኬ ላይ አለ፣ አንድ ቃል አልጨመርኩም።

አባዬን ለምን እንደወሰድኩት ልንገራችሁ፣ ይሄን ካላወቃችሁ የተናደድኩበት አይገባችሁም። አባዬ ዶሮ ማነቂያ ተወልዶ ዶሮ ማነቂያ ያረጀ ሰው ነው። በ2016 ሰፈሩ ሲነሳ እኛም ከጎረቤቱ ጋር ወጣን፣ አሁን ከተማው ጫፍ ኮንዶሚኒየም ነው ያለነው፣ ከዛ ወዲህ ፒያሳ እንሂድ ስንለው «ማንን ልጠይቅ» ይላል። ማስታወቂያውን ሳሳየው ፎቶው ላይ ያለውን የእንጨት በረንዳ ገና ሲያየው ነው የለየው፣ «ይሄማ ከኛ በታች የነበረው ቤት ነው፣ ፈርሷል እኮ» አለኝ። ፔጁን ጠየቅኩ። አንዲት ልጅ በቮይስ «አይ እሱ ለማሳያ ነው፣ ያልፈረሱ ብዙ ተመሳሳይ ቤቶች አሉን፣ አባትሽ በጣም ይወዱታል፣ እንደውም ትዝታቸውን ያጫውቱናል» አለችኝ። እሱንም ሰማና ደስ አለው። አርብ ማታ ሸሚዙን ራሱ አውጥቶ ተኩሱልኝ አለ፣ ጫማውን አስጠረገ፣ ከስንት ጊዜ በኋላ።

ጠዋት 2 ሰዓት ጊዮርጊስ ጋ ምኒልክ ሀውልቱ ስር ተባልን፣ ደረስን፣ አስጎብኚው የመጣው 3 ሰዓት ነው። ይቅርታ የለም ምን የለም። 8 ሰው የተባለው 20 ምናምን ሰው ሆኖ ቆሟል፣ ከዛ 6 ፈረንጆች በሚኒባስ መጡ፣ እነሱ እስኪወርዱ ነው ለካ የቆምነው። ልጁ አንገቱ ላይ ባጅ የለውም፣ ሲጠይቁት ቢሮ ረስቼው ነው አለ። ከዛ በኋላ ጉዞው በሙሉ በእንግሊዝኛ ሆነ፣ ለኛ መጨረሻ ላይ አንድ አረፍተ ነገር ይወረውርልናል፣ አንዳንዴ እሷንም አይልም።

ጊዮርጊስን አጥሩ ውጪ ቆመን «ኦልድ ቸርች» ተብሎ አለቀ። ታቦቱ አድዋ የዘመተ፣ ለዛ ድል መታሰቢያ የተሰራ ቤተክርስቲያን፣ ዘውዲቱ በ1909 ጃንሆይ በ1923 የነገሱበት ቦታ፣ ስለ አንዱም ሳይነገረን አለፍን። ይሄን ሁሉ የነገረኝ አባዬ ነው፣ ቀስ ብሎ ለኔ ብቻ። ምኒልክ ሀውልቱንም ጣልያን ነቅሎ ቀብሮት እንደነበረና ከነፃነት በኋላ እንደተመለሰ አባቱ እንዴት እንደነገረው አጫወተኝ። አንዲት ሸበቶ ፈረንጅ ምን እያለ ነው ብላ ጠየቀችኝ፣ ተረጎምኩላት፣ ሌሎቹም ጠጋ ጠጋ አሉ። ጥፋታችን ይሄ ሆነ መሰለኝ። አስጎብኚው መጣና በሰው ፊት «ፋዘር፣ ግሩፑን እየበተኑብኝ ነው፣ እኔ እየሰራሁ ነው» አለው። አባዬ ይቅርታ ልጄ ብሎ ዝም አለ።

የውስጥ ለውስጥ መንገድ የሚባል ነገር አላየንም። በአዲሱ ሰፊ የእግረኛ መንገድ አድዋ ሙዚየም ጋ ሄድን፣ ተመለስን፣ መንገዱ ቆንጆ ነው፣ ግን እሱን ለመራመድ ማንም 2,500 ብር አይከፍልም። ሰባ ደረጃን በጣቱ አሳየን። እሪ በከንቱ አልወረድንም፣ «ጊዜ የለም» ተባለ፣ 1 ሰዓት ያስጠበቀን እሱ ራሱ ነው እኮ። ቁርስ የተባለው መንገድ ዳር ቆመን አንድ አንድ ሳምቡሳና በላስቲክ ብርጭቆ ሻይ ነው። ጨጨብሳውስ ስለው ከምሳ ጋር ይካካሳል አለኝ።

ጣይቱ ሆቴል ስንደርስ ደግሞ ምን ቢል ጥሩ ነው፣ ጣልያን በአምስት አመቱ የሰራው ሆቴል ነው ብሎ ለፈረንጆቹ ነገራቸው። እኔ ለአባዬ መተርጎም አልነበረብኝም፣ ጠየቀኝ፣ ተረጎምኩለት። አባዬ መቻል አልቻለም። በ2007 ጥር ሆቴሉ የተቃጠለ ቀን ከሰፈር ልጆች ጋር ውሃ ሲያመላልስ የዋለ ሰው ነው። በትህትና፣ እጁን ከፍ አድርጎ እንደ ተማሪ፣ «ልጄ፣ ሆቴሉን እቴጌ ናቸው በ1898 ያሰሩት፣ ጣልያን የገባው በ28 ነው፣ ሰላሳ አመት ይቀድመዋል» አለው። ሀበሾቹ ልጆች ሳቁ። ልጁ ፊቱ ጠቆረ፣ «ጥያቄ መጨረሻ ላይ ነው ፋዘር» ብሎ ጥሎን ሄደ። ጥያቄ አልነበረም እኮ።

ምሳ ሰዓት ነው እንግዲህ። ከዋናው መንገድ ገባ ብሎ አንድ ግቢ አስገቡን፣ የቤቱ ባለቤት በእድሜ የገፉ እናት ናቸው፣ ነጠላቸውን አጣፍተው በር ላይ ቆመው እየሳሙ ነው የተቀበሉን፣ እሳቸውን በምንም አልወቅስም። ሳሎኑ ውስጥ ሁለት መሶብ ተዘርግቷል፣ ሽታው ግቢውን ሞልቶታል። አባዬን ሲያዩት «ግቡ ግቡ፣ አረፍ ይበሉ» ብለው ራሳቸው እጁን ይዘው አስገቡት፣ ከመሶቡ አጠገብ ዱካ ላይ አስቀመጡት፣ አንዲት ልጅ ማስታጠቢያ ይዛ መጣች። ውሃው እየፈሰሰለት ነበር። ይሄን በደንብ አስቡት፣ እጁን እየታጠበ ነበር። አስጎብኚው ከኋላ መጥቶ ብብቱ ስር ያዘውና «ፋዘር ይነሱ፣ ይሄ የእንግዶች ነው፣ የናንተ ውጪ ነው» አለው። ልጅቷ ማስታጠቢያውን እንደያዘች ደርቃ ቀረች፣ አባዬ ውሃ የሚንጠባጠብ እጁን ወደ ላይ እንደያዘ ተነሳ፣ ከዘራውን እንኳን ማንሳት አልቻለም፣ እኔ ነኝ ያነሳሁለት። እናትየዋ «ኧረ ነውር ነው፣ ሽማግሌ ከማዕድ ይነሳል እንዴ» አሉ፣ ልጁ «እማማ፣ ሂሳቡን እኔ ነኝ የማውቀው» ብሎ ዝም አሰኛቸው። በገዛ ቤታቸው!

ፈረንጆቹ ገቡ፣ በሩ ገርበብ ተደረገ። እኛ ግቢው ውስጥ ላስቲክ ወንበር ላይ ለአምስት ለስድስት አንድ ትሪ ሽሮና አልጫ ቀረበልን። ዶሮው ወዴት ነው ስለው፣ ቃል በቃል የመለሰልኝ ይሄን ነው፦ «እነሱ በዶላር ነው የከፈሉት። እናንተ ዶሮ ቤታችሁ ትበሉ የለ፣ ምን አዲስ ነገር አለው።» ማስታወቂያችሁ ላይ እንደዚህ አይልም አልኩት። «እህት፣ በ2,500 ብር ምን ጠብቀሽ ነበር?» አለና ስልኩን እያየ ሄደ። አብራው የምትሰራዋ ልጅ፣ ያቺ በቮይስ አባትሽ ይወዱታል ያለችኝ፣ ድምፅዋን አወቅኩት፣ አጠገቡ ቆማ ነበር፣ ቀና ብላም አላየችን።

ሽሮ ንቄ አይደለም የምናገረው፣ ሽሮ ነው ያሳደገን። ነገሩ ሌላ ነው። ሰፈራችንን አስጌጠው ይሸጡታል፣ የእናቶቻችንን ጓዳ ይሸጡታል፣ ማስታወቂያው ላይ በአማርኛ ናፍቆታችንን እየነካኩ ብራችንን ይቀበላሉ፣ በሩ ጋ ስትደርስ አንተ እንግዳ አይደለህም ትባላለህ። አባዬ ከዛ መሶብ ከማንም በላይ የሚገባው ሰው ነው። እነዛ ፈረንጆችም ምንም አያውቁም፣ ሸበቶዋ ሴትዮ ወጥታ ምን ሆናችሁ ብላ ስትጠይቀኝ ማልቀስ መጣብኝ፣ ምን ብዬ ልንገራት። አባዬ አንድ ጉርሻ አልቀመሰም፣ «እንሂድ ልጄ» ብቻ ነው ያለው፣ እናትየዋ እየተከተሉ ይቅርታ እያሉ እስከ በር ሸኙን። ቡናውን ማን ይጠብቃል።

ማታ ደወልኩላቸው። በመጀመሪያ አያነሱም፣ በእህቴ ስልክ ስደውል ወዲያው ተነሳ። ሃላፊ ነኝ ያለው ሰው ሳያስጨርሰኝ «የተከፈለ ገንዘብ አይመለስም፣ ፖሊሲያችን ነው» አለ። አባቴን ከማዕድ አስነስታችሁታል ስለው «የቦታ አደላደል የአስጎብኚው ስልጣን ነው» አለኝ፣ የአውቶቡስ ወንበር የተቀማሁ ይመስል። ቻናላቸው ላይ ኮሜንት ፃፍኩ፣ አጠፉት፣ ደግሜ ስፅፍ ብሎክ አደረጉኝ። ዛሬ ጠዋት በሌላ ስልክ ገብቼ ሳይ የትናንቱን ፎቶ ለጥፈዋል። ከሁሉም ያቃጠለኝ ይሄ ነው፣ አባዬ ጊዮርጊስ ጋ ለፈረንጆቹ ሲያጫውት የተነሳውን ነው የለጠፉት፣ «የአራዳ አባቶች ታሪካቸውን ሲያወጉ» ብለው። ማንም አላስፈቀደውም። እንዲያነሱት ፅፌላቸዋለሁ፣ ይሄን እስከምፅፍ አልተነሳም።

ደረሰኝ የለኝም፣ ብሩ የሄደው በድርጅት ስም ሳይሆን በአንድ ግለሰብ ስም ነው። ግን የቴሌብሩ ማረጋገጫ፣ ማስታወቂያውና ቮይሱ በሙሉ አለኝ። አሳሳች ማስታወቂያ በሸማቾች ጥበቃ አዋጁ፣ በ813/2006፣ የተከለከለ ነው፣ ሰኞ ይዤው ንግድ ቢሮ እሄዳለሁ። ትናንት አብራችሁኝ የነበራችሁ ልጆች ይሄን ካያችሁ በውስጥ መስመር ፃፉልኝ፣ ብዙ ሆነን ብንሄድ ይሻላል።

ሌሎቻችሁ መሄድ ካለባችሁ ከመክፈላችሁ በፊት ፈቃድና ደረሰኝ ጠይቁ፣ በግለሰብ ስም አትላኩ፣ ሀበሻና ፈረንጅ አንድ ገበታ ነው ወይ የሚቀርበው ብላችሁ በፅሁፍ አስመልሷቸው። የፊታችን ቅዳሜንም መሸጥ ጀምረዋል፣ ያው 2 ቦታ ቀረ እያሉ ነው፣ የከፈላችሁ ካላችሁ ዛሬውኑ ደውላችሁ ብራችሁን አስመልሱ፣ ሽማግሌ ይዛችሁ የምትሄዱ ከሆነ ደግሞ እባካችሁ።