የተበዳይ ጠበቃ፦ ከዐቃቤ ሕግ ጎን ወይስ በግል ክስ?

ተበዳይ ጠበቃ የሚይዘው «ችሎት ቆሞ ይከራከርልኛል» ብሎ ነው። ክሱን የያዘው ዐቃቤ ሕግ ከሆነ ግን ተከራካሪው መንግሥት ነው፤ ተበዳዩ ምስክር፣ ጠበቃውም አብዛኛውን ጊዜ ከኋላ ወንበር ተቀምጦ የሚያዳምጥ ሰው ነው። ይህ ማለት ሥራ ፈት ነው ማለት አይደለም። አቤቱታውን አጥርቶ ይጽፋል፣ የሕክምና ማስረጃው ከመዝገቡ መያያዙን ይከታተላል፣ ካሳ በዚያው መዝገብ እንዲታይ ያመለክታል። ጥያቄው ከተፈቀደ ተበዳዩ በማስረጃ ረገድ እንደ ተከራካሪ ወገን ይቆጠራል። ተከሳሹ በነፃ ከተሰናበተ ግን ካሳውን በፍትሐ ብሔር መጠየቅ ግድ ይላል። ዐቃቤ ሕግ ማስረጃ አይበቃም ብሎ አልከስም ካለ ደግሞ፣ ወንጀሉ ተበዳዩ ሲያመለክት ብቻ የሚያስቀጣ ካልሆነ፣ በ1954 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ መሠረት ውሳኔው በደረሰ በ15 ቀን ውስጥ ፍርድ ቤት ክስ እንዲመሠረት እንዲያዝ ማመልከት ይቻላል። እኔ ብጠየቅ፣ ለጠበቃ የሚከፈለው ገንዘብ ዋጋውን በደንብ የሚያወጣው እዚህ ላይ ነው።

የግል ክስ ሌላ ነገር ነው። በግል አቤቱታ ብቻ ለሚያስቀጡ እንደ ስም ማጥፋት ላሉ ወንጀሎች፣ ዐቃቤ ሕግ በማስረጃ ማነስ አልከስም ሲል ተበዳዩ ራሱ እንዲከስ በጽሑፍ ይፈቅዳል። ከዚያ በኋላ ክስ መጻፉም ምስክር መጠየቁም የጠበቃው ነው፤ ኪሳራውም የከሳሹ። ፍርድ ቤቱ መጀመሪያ ሊያስታርቅ ይሞክራል። በደንበኛው ፊት ጀግና መምሰል የሚወድ ጠበቃ ይህን መንገድ ይመርጥ ይሆናል፤ ዐቃቤ ሕግ «አይበቃም» ያለውን ማስረጃ ይዞ እንደሚገባ ግን አስቀድሞ ሊነግረው ይገባል።