የመዋኛ ገንዳ ሠራተኛን የት እናሠልጥን? ሦስት አማራጮች ሲነጻጸሩ

መዋኛ ገንዳ ያለው ሆቴል ሠራተኛውን ለማሠልጠን ሲነሣ ሊያነጻጽራቸው የሚገቡ ሦስት አማራጮች አሉ፤ እነሱም ሲፒኦ (ሰርቲፋይድ ፑል ኦፕሬተር) የሚባለው የአሜሪካ ምስክር ወረቀት፣ ፑል ፕላንት ኦፕሬተር የተሰኘው የእንግሊዝ ሥልጠና፣ እንዲሁም ፓምፑንና ማጣሪያውን የሸጠው ድርጅት በርክክብ ጊዜ የሚሰጠው ገለጻ ናቸው።

ሲፒኦን የሚያስተዳድረው ፑል ኤንድ ሆት ተብ አሊያንስ የተባለ ማኅበር ሲሆን፣ ትምህርቱ ሁለት ቀን ያህል ይፈጃል፤ ምስክር ወረቀቱም ለ5 ዓመት ያገለግላል። ብርታቱ ስሌት ላይ ነው። ሠልጣኙ ገንዳው ስንት ውኃ እንደሚይዝ፣ ውኃው በስንት ሰዓት በማጣሪያው እንደሚያልፍና ምን ያህል ኬሚካል እንደሚያስፈልግ ራሱ ማስላት ይማራል። በኢንተርኔት መማር ስለሚቻልም ከሥራው መራቅ ለማይችል ሥራ አስኪያጅ ይመቻል፤ ነገር ግን የማሽን ክፍል ሳይረግጡ ምስክር ወረቀቱን መያዝ ይቻላል።

የእንግሊዙ ብዙውን ጊዜ ሦስት ቀን ይወስዳል፣ በየ3 ዓመቱም ይታደሳል። ለተግባር ሥራው የበለጠ ቦታ ስለሚሰጥ ለእኔ ሚዛን ይደፋል። የውኃ ደረጃውም ጠበቅ ያለ ነው፤ እንግሊዞች ፒኤች (የውኃው የአሲድነት መለኪያ) ከ7.2 እስከ 7.4 እንዲሆን ሲመክሩ፣ የአሜሪካው የበሽታ መቆጣጠሪያ ማዕከል ከ7.0 እስከ 7.8 ይፈቅዳል። ልዩነቱ ቀላል አይደለም፤ ፒኤች 7.5 ላይ ጀርም የመግደል ሙሉ ኃይል ያለው ከነጻው (ገና ከቆሻሻ ጋር ካልተዋሐደው) ክሎሪን ግማሽ ያህሉ ብቻ ሲሆን፣ 8 ላይ ወደ ሩብ ይወርዳል። ካልሲየም ሃይፖክሎራይት የተባለው የዱቄት ክሎሪን ደግሞ ራሱ ፒኤቹን ከፍ ያደርጋል። ስለዚህ ፒኤቹን ሳያስተካክል ክሎሪን ብቻ የሚጨምር ሠራተኛ ክሎሪኑ እያለ ኃይሉን ያጣበታል።

የአቅራቢው ገለጻ በአማርኛ፣ በራስዎ ፓምፕ ላይ የሚሰጥ መሆኑ ትልቅ ጥቅም ነው። ሆኖም ብቻውን አይበቃም። አንድ ሆቴል ውስጥ እንዲህ ያለ ገለጻ ብቻ ያገኘ ወጣት ውኃ ሲመረምር አጠገቡ ቆሜ ነበር። ክሎሪን ሲኖር ውኃውን ሮዝ የምታደርገውን የመመርመሪያ ክኒን በብልቃጡ ውኃ ውስጥ ሲበጠብጣት ሮዝ ቀለም ብልጭ አለና ወዲያው ጠፋ። እሱም «ክሎሪን የለም» ብሎ ሊጨምር የክሎሪኑን ባልዲ አነሣ። እጁን ይዤ ናሙናውን ክሎሪን በሌለው ውኃ አሥር እጥፍ ስናቀጥነው ደማቅ ሮዝ ሆነ፤ ክሎሪኑ እጅግ ከመብዛቱ የተነሣ ቀለሙን አጥፍቶት ነበር። ልጁ ጥፋት የለበትም፤ የነገረው ሰው አልነበረም። ያን ቀን ገንዳው ውስጥ ልጆች ይዋኙ ነበር።

ገንዘቡ ለአንድ ሰው ብቻ የሚበቃ ከሆነ፣ ከሥራ አስኪያጁ ይልቅ ባልዲውን የሚይዘውን የፈረቃ ኃላፊ ወደ እንግሊዙ ሥልጠና ይላኩ። እንግሊዝኛው ከከበደው ግን ሥራ አስኪያጁ ሲፒኦን ወስዶ፣ የተማረውን በአማርኛ ጽፎ ከማሽን ክፍሉ ግድግዳ ላይ ይለጥፍለት፣ አብሮትም ይሥራ።

ከመክፈልዎ በፊት አሠልጣኙን ሁለት ነገር ይጠይቁ። አንደኛው፣ አሲድና ክሎሪን ለየብቻ እንዴት እንደሚቀመጡ ያስተምራል ወይ? ሁለቱ ከተቀላቀሉ መርዘኛ ጋዝ ይወጣል። ሁለተኛው፣ ሕፃን ገንዳው ውስጥ ተቅማጥ ቢያመልጠው ምን ይደረጋል? ክሪፕቶስፖሪዲየም የተባለው ተውሳክ በደንብ ክሎሪን በገባበት ውኃ ውስጥም ከ7 ቀን በላይ ሊቆይ ይችላልና፣ «ክሎሪን ጨምሮ ማግስቱን መክፈት ነው» ብሎ በደፈናው ለሚመልስ አይክፈሉ። የነፍስ አድን ሥልጠና ራሱን የቻለ በመሆኑ በሌላ በጀት ይያዝ።