በሐምሌ ፍሬ ያንጠለጠለ የእንጆሪ ችግኝ አትግዙ

ክረምት ሲገባ በሱሉልታ፣ በሰንዳፋና በሰበታ መንገድ ዳር በጥቁር ፕላስቲክ የተያዘ እንጆሪ ለሽያጭ ይደረደራል (እሾሃሙን የጫካ እንጆሪ ሳይሆን ስትሮቤሪ የሚባለውን ማለታችን ነው)። ሁለት ሦስት ቀይ ፍሬ አንጠልጥሏል። «ትከሉት፣ በወሩ ትለቅማላችሁ» ትባላላችሁ። አትቸኩሉ። እንዲህ ያለ ፍሬ አብዛኛውን ጊዜ ችግኙ ዝናብ በማይነካው የላስቲክ ቤት ውስጥ ሳለ የያዘው ነው፤ ግቢያችሁ ገብቶ የሐምሌን ዝናብ ሲቀምስ አይደገምም።

ወቅቱ የሚመቸው ለሻጭ ነው። ውኃ አይገዛም፤ እናት ተክሏ መሬት ለመሬት የምትሰደው ሐረግ እርጥበት ካገኘ በቀላሉ ሥር ያወጣል፤ እሱን እየቆረጡ ፕላስቲክ መሙላት ነው። ሰዉም የችግኝ ተከላ ሰሞን ስለሆነ የቀረበለትን ያነሳል። ገዢ ላይ ግን መጀመሪያ የሚፈርደው አፈሩ ነው። ጥቁር መረሬ በሐምሌና በነሐሴ ውኃ አቁሮ ይከርማል። አብዛኛው የእንጆሪ ሥር ያለው ደግሞ ከላይ 30 ሳንቲሜትር ውስጥ ነው። ውኃ ሲተኛበት አየር ያጣል፣ ይጠቁራል፤ ቅጠሉም ጭቃ ላይ ቆሞ ይጠወልጋል። ይሄኔ ባለቤቱ «ጠምቶት ነው» ብሎ ሌላ ውኃ ይጨምርበታል!

የሆለታ ቀይ አፈር ውኃ በማሳለፍ ይሻላል፤ አበባውን ግን አያድንም። ፍሬው ላይ የምናያቸው ጥቃቅን ዘር መሳይ ነጠብጣቦች የአበባ ዱቄት ካልደረሳቸው በዙሪያቸው ያለው ሥጋ አይሞላም። ሲዘንብ በዋለበት ቀን ንብ አትወጣም፤ ስለዚህ የምታገኙት የተጣመመና ጠጣር ፍሬ ነው። ከዚያ ተርፎ የቀላውንም ግራጫ ሻጋታ ይወስደዋል።

ገንዘባችሁን ከመስከረም 20 ገደማ እስከ ጥቅምት መጨረሻ አቆዩት። ያኔ ዝናቡ ጋብ ብሏል፣ አፈሩ ግን እርጥበቱን አልጨረሰም፤ የኅዳርና የታኅሣሥ ውርጭ ሳይበረታ ችግኙ ሥር የሚይዝበት ከ4 እስከ 6 ሳምንት ያገኛል። በእነዚያ ሳምንታት የሚወጣውን አበባ በሙሉ ቁረጡት። ያሳሳል፣ ግን ቁረጡት፤ ጉልበቱ ወደ ሥሩ ይሂድ። በኋላ የሚከፈተው አበባ በአንድ ወር ገደማ ቀይ ፍሬ ይሆናል፤ ብርዱ ሲበረታ ጥቂት ይዘገያል። ውርጭ በሚጥልበት ሰፈር ማታ ማታ በጭድ ወይም በአሮጌ ጨርቅ ሸፍኑት። ጠዋት መሃሉ ጠቁሮ ያገኛችሁት አበባ ውርጭ መቶታልና ፍሬ አይሰጥም፤ ተክሉ ግን ይተርፋል።

በመጋቢት ልግዛ የሚል ካለ አስተማማኝ ውኃ ይኑረው፤ ያም ሆኖ ገና ፍሬ ማፍራት ሲጀምር ሰኔ ይደርስበታል።

በጥቅምትም ቢሆን የሚሸጠው ሁሉ ደህና አይደለም። ችግኙን አንገቱ ላይ ይዛችሁ ቀስ ብላችሁ ወደ ላይ ሳቡት። እሺ ብሎ ከወጣ ትናንት የተቆረጠ ሐረግ ነው፣ ሥር የለውም። ፕላስቲኩን በአንድ ጎን ገለጥ አድርጉ (ሻጩ ከከለከለ እዚያው ተዉለት)። ጤነኛ ሥር ነጣ ያለ ወይም ፈዘዝ ያለ ቡናማ ነው፤ ጠቁሮ በጣት ሲያሹት የሚላጠው በስብሷል። ቅጠሎቹ የሚወጡበት አጭር ግንድ፣ ልቡ ማለት ነው፣ እንደ እንጨት ደርቆ ከአፈር በላይ ከተጋለጠ ያረጀ እናት ተክል በቢላ ተከፍሎ ቀርቦላችኋል። 30 ችግኝ የሚገዛ ሰው አንዱን ይሠዋና ልቡን በምላጭ ለሁለት ይሰንጥቀው። ውስጡ ነጭ ከሆነ መልካም፤ ቀይ ቡናማ ከሆነ በሽታ ገብቶበታልና ሌሎቹንም አትንኩ። ቅጠሉንም ገልብጡ፤ ቀጭን ድር ካለ ቀይ ሸረሪት ነው። ክሽክሽ (የቅጠሉን ፈሳሽ የሚመጥ ጥቃቅን ተባይ) ካለበት ደግሞ ይብሳል፤ ቫይረስ ያዛምታል፣ በቫይረስ የተያዘን እንጆሪ የሚፈውስ መድኃኒት የለም።

አበባው ቢጫ ከሆነ የምትፈልጉት እንጆሪ አይደለም። በቴሌግራም የሚዞረው «የሰማያዊ እንጆሪ ዘር» ደግሞ ዓይን ያወጣ ማጭበርበር ነው፤ ሰማያዊ እንጆሪ የሚባል የለም። ቀዩም ቢሆን ከዘር ሲበቅል እናቱን አይመስልም።

ስትተክሉ መደቡን ከ20 እስከ 30 ሳንቲሜትር ከፍ አድርጉት፤ በችግኞቹ መካከል 30 ሳንቲሜትር ተዉ። 1 ሜትር በ5 ሜትር የሆነ መደብ በሁለት መስመር 32 ችግኝ ይበቃዋል፤ ሻጩ «60 ውሰዱ» ቢልም። ፍጉ በደንብ የበሰበሰ ይሁን። ልቡ ከአፈሩ ጋር እኩል ይቀመጥ፤ ከተቀበረ ይበሰብሳል፣ ከፍ ካለ ሥሩ ይደርቃል።

በሐምሌ ገዝታችሁ ከሆነ መሬት አታስገቡት። ፕላስቲኩን ከሥር በሦስት አራት ቦታ ብሱ፣ ፍሬውንና አበባውን ቁረጡ፣ ብርሃን ባለበት የጣራ ጥግ ከመሬት ከፍ አድርጋችሁ እስከ መስከረም መጨረሻ አቆዩት። አፈሩ ላይ ላዩ ሲደርቅ ብቻ አጠጡት።